የአማልክት ደም የወረሰው ጎረምሳ፦ የእስክንድር የወጣትነት ዓመታት

ስለ ታላቁ እስክንድር ሲነሣ አብዛኞቻችን ቶሎ ትዝ የሚለን ካርታው ነው። ከመቄዶንያ ተነሥቶ በትንሹ እስያ፣ በግብፅና በፋርስ አልፎ እስከ ህንድ ጫፍ የሚዘልቀው ያ ረጅም መስመር። ለፈተና የምንሸመድደውም እሱኑ ነው፤ ግራኒኮስ 334፣ ኢሱስ 333፣ ጋውጋሜላ 331። በዚህ ጽሑፍ የምመለከተው ግን መስመሩ ከመጀመሩ በፊት ያለውን ልጅ ነው። ገና ከሕፃንነቱ የአማልክት ዘር ነህ እየተባለ ያደገ፣ ይህንንም አምኖ የተቀበለ፣ ከዚያ በኋላ የወረሰውን ነገር ለመግራት የታገለ አንድ ጎረምሳ። በዘመናችን እንዲህ ስላሉ ወጣቶች ልብ ወለድ ይጻፋል፣ ፊልም ይሠራል። እስክንድር ግን በእውነት የኖረ ሰው ነው። ከጣቱ መብረቅ አይወጣም፤ ቁጣው ግን ከተማ ያቃጥል ነበር። (ሌላ ምልክት ካልተደረገባቸው በቀር እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከክርስቶስ ልደት በፊት ያሉ ናቸው።)

እስክንድር የተወለደው በ356 በሐምሌ ወር፣ የመቄዶንያ መናገሻ በነበረችው በፔላ ነው። አባቱ ዳግማዊ ፊሊጶስ፣ እናቱ ደግሞ ከኤጲሮስ ንጉሣውያን የተገኘችው ኦሎምፒያስ ናት። የአባቱ ቤት የዘር ሐረጉን ወደ ሄርኩለስ ይስባል፤ ሄርኩለስ ደግሞ የአማልክት አለቃ የዜውስ ልጅ ነው። የእናቱ ቤት የሚቆጥረው ከአኪለስ ነው፤ የአኪለስ እናት ቴቲስ የባሕር አምላክ ናት። እንግዲህ ልጁ በአባቱም በእናቱም በኩል የአማልክት ደም አለው ማለት ነው። ይህ ለእኛ ተረት ሊመስለን ይችላል። ለዚያ ዘመን ግሪክ ግን የዘር ሐረግ የሥልጣን ማስረጃ ነበር። የመቄዶንያ ነገሥታት ግሪክ ናቸው ወይስ አይደሉም የሚለው ክርክር ሲነሣ፣ በኦሎምፒክ ውድድር ለመካፈል ሳይቀር የሚያቀርቡት መከራከሪያ ይኸው ከሄርኩለስ መወለዳቸው ነበር።

እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ የሚዘለል ነገር አለ። ሁለቱም አያቶች ኃይለኞች ብቻ አልነበሩም፤ ራሳቸውን መግዛት ያቃታቸውም ነበሩ። ሄርኩለስ እብደት ይዞት የገዛ ልጆቹን የገደለ ነው። ገና ልጅ ሳለ እንኳ የሙዚቃ መምህሩን ሊኖስን በክራር መትቶ ገድሏል ይባላል (መምህራኖቻችን ይህቺን ልብ ይሏታል)። የአኪለስ ነገርማ የታወቀ ነው፤ የሆሜር ኢሊያድ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው የአንድ ጀግና ቁጣና ቁጣው ያስከተለው ጥፋት ታሪክ ነው። አኪለስ ቅር ብሎት ድንኳኑ ውስጥ ሲቀመጥ የገዛ ወገኖቹ ያልቃሉ፤ ሲነሣ ደግሞ የገደለውን ሰው ሬሳ ከሠረገላ አስሮ ይጎትታል። ስለዚህ ለልጁ የተላለፈለት ውርስ ኃይልና ቁጣ አንድ ላይ የተጠቀለሉበት ነበር። አንዱን ይዞ ሌላውን መተው ይቻላል ወይ? የወጣትነቱ ዘመን በሙሉ በዚህ ጥያቄ ዙሪያ የሚሽከረከር ይመስለኛል።

ስለ ልደቱ የሚነገረው ብዙ ነው። ኦሎምፒያስ ከሠርጓ ሌሊት በፊት መብረቅ ማኅፀኗ ላይ ሲወድቅ በሕልሟ አይታለች፤ ፊሊጶስ አጠገቧ እባብ ተኝቶ አይቶ ደንግጧል፤ በተወለደበት ዕለት በኤፌሶን የነበረው ታላቁ የአርጤምስ ቤተ መቅደስ ተቃጥሏል። ይህን የሚነግረን በዋናነት ፕሉታርክ ሲሆን፣ እሱ የጻፈው እስክንድር ከሞተ ከ400 ዓመት ገደማ በኋላ ነው። ዓለምን ያንቀጠቀጠ ሰው መሆኑ ከታወቀ ወዲያ ልደቱን በመብረቅ ማድመቅ ቀላል ነው። ፕሉታርክ ራሱም ቢሆን ሁለት ወሬ አስቀምጧል፤ በአንደኛው ኦሎምፒያስ የልጇን የልደት ምሥጢር በጆሮው ነግራ ላከችው፣ በሌላኛው ደግሞ ይህን ወሬ አጥብቃ ካደች። የትኛውም እውነት ይሁን፣ ልጁ ያደገው እንዲህ ያለ ሹክሹክታ በሚሰማበት ግቢ ውስጥ ነው።

ከመጀመሪያዎቹ አስተማሪዎቹ ሁለቱ በጣም የተለያዩ ሰዎች ነበሩ። አንደኛው የእናቱ ዘመድ ሌዎኒዳስ ነው፤ ቆፍጣና፣ ምቾት የሚጠላ፣ እናትየው ለልጇ የደበቀችለት ጣፋጭ ነገር እንዳይኖር ሣጥኑን ሳይቀር እየከፈተ የሚፈትሽ። ሌላው የአካርናንያው ሊሲማኮስ ሲሆን ብዙም የተማረ አልነበረም። ግን ልጁን አኪለስ፣ ራሱን የአኪለስ ሞግዚት ፊኒክስ፣ ፊሊጶስን ደግሞ የአኪለስ አባት ጴሌዎስ እያለ ይጠራ ስለነበር በቤተ መንግሥቱ ተወደደ። አንዱ ልጁን ሲቆነጥጥ ሌላው ሲያሞካሽ ማለት ነው። አንድ ቀን እስክንድር መሥዋዕት ሲያቀርብ ዕጣኑን በሁለት እጁ እየዘገነ እሳት ላይ ሲጨምር ሌዎኒዳስ አየውና፣ ዕጣን የሚበቅልበትን አገር እስክትገዛ ድረስ ቆጥበህ ተጠቀም ብሎ ገሠጸው። ከዓመታት በኋላ በ332 ጋዛን ሲይዝ እስክንድር ለሽማግሌው 500 መክሊት ዕጣንና 100 መክሊት ከርቤ ላከለት፤ ከእንግዲህ በአማልክት ላይ አትሰስት የሚል መልእክትም ጨመረበት። ስጦታ ነው ወይስ ቂም? ለእኔ ሁለቱም ናቸው። ልጅ ሳለ የተነገረውን ተግሣጽ ያን ያህል ዓመት ሆዱ ውስጥ ይዞ ቆይቷል።

የፈረሱን ታሪክ የማያውቅ የለም፤ ቢሆንም ለያዝነው ጉዳይ ዋናው እሱ ስለሆነ ልናልፈው አንችልም። ፊሎኒኮስ የሚባል የቴሳሊያ ሰው ቡከፋሎስ የተባለ ፈረስ በ13 መክሊት ሊሸጥ ወደ ፊሊጶስ አመጣ። አንድ የአቴንስ መክሊት ብር 26 ኪሎ ያህል ስለሚመዝን ዋጋው ከ300 ኪሎ ብር በላይ ነው፤ ለአንድ ፈረስ! ፈረሱ ግን ማንንም አላስቀርብ አለ፤ የቀረበውን ሁሉ ይረግጣል፣ ይዘላል። ፊሊጶስ ተናዶ ውሰዱልኝ ሲል ልጁ ከጎን ሆኖ፣ መያዝ ባለመቻላቸው እንዴት ያለ ፈረስ እያመለጣቸው ነው እያለ ያጉረመርም ጀመር። አባት መጀመሪያ ዝም አለ፤ ልጁ ሲደጋግምበት ግን ከአንተ የሚበልጡትን ትተቻለህ ወይ ብሎ አፋጠጠው። እስክንድርም ካልቻልኩ የፈረሱን ዋጋ እከፍላለሁ ብሎ ተወራረደ። ሰዉ ሣቀ።

ልጁ ሌሎቹ ያላዩትን አንድ ነገር አይቶ ነበር፤ ፈረሱን የሚያስበረግገው ፊቱ ላይ እየወደቀ የሚንቀሳቀሰው የገዛ ጥላው ነው። ስለዚህ ልጓሙን ይዞ ፊቱን ወደ ፀሐይ አዞረው። ትንሽ አብሮት ሄደ፣ አሻሸው፣ መደረቢያውን ቀስ ብሎ ጣለ፣ ከዚያ ዘሎ ጉብ አለበት። ወዲያውም አልጋለበውም፤ ሳይመታውና ሳይጎትተው እስኪረጋጋ ጠበቀው፣ መሮጥ ሲፈልግ ለቀቀው። ደርሶ ሲመለስ አባቱ በደስታ አለቀሰ፤ ግንባሩን ስሞም መቄዶንያ አትበቃህምና የሚመጥንህን መንግሥት ፈልግ አለው ይባላል። አማርኛችን ለፈረስም ለልጅም መግራት የሚል አንድ ቃል መጠቀሙ ይህን ታሪክ ለመተረክ በጣም የተመቸ ነው። ልብ በሉ፤ ልጁ ያን ቀን የረታው በጉልበት አልነበረም። ፍርሃቱ ከየት እንደሚመጣ አይቶ፣ አቅጣጫውን አዙሮ፣ ታግሦ ነው። ያልተገራውን እንስሳ ገራው። ራሱ እስክንድር የገዛ ጥላው ሲያስበረግገው ማን ነው ፊቱን ወደ ፀሐይ የሚያዞርለት?

ፊሊጶስም ይህን ሳይጠይቅ አልቀረም። ልጁ በትእዛዝ እንደማይነዳ፣ በምክንያት ሲያስረዱት ግን እሺ እንደሚል ተገንዝቦ ነበርና የሙዚቃና የቋንቋ አስተማሪ ብቻ እንደማይበቃው ወሰነ። በ343 እስክንድር 13 ዓመት ሲሆነው አርስቶትልን አስጠራ። አርስቶትል ለመቄዶንያ ቤት እንግዳ አልነበረም፤ አባቱ ኒቆማኮስ የፊሊጶስ አባት የአሚንታስ ሐኪም ነበር። ደመወዙም ተራ አልነበረም፤ ፊሊጶስ ራሱ ያፈረሳትን የአርስቶትልን የትውልድ ከተማ ስታጊራን መልሶ አቆመለት፣ የተሰደዱትንና የተሸጡትን ነዋሪዎቿንም መለሰለት። ትምህርት ቤቱ ከቤተ መንግሥቱ ራቅ ብሎ በሚኤዛ፣ ለደን አማልክት በተከለለ ቦታ ተከፈተ። ፕሉታርክ በእሱ ዘመን እንኳ አርስቶትል የተቀመጠባቸው የድንጋይ ወንበሮችና ጥላ ያለባቸው መንገዶች ለጎብኚ ይታዩ እንደነበር ጽፏል።

እዚያ ምን ተማረ? ሥነ ምግባር፣ ፖለቲካ፣ ሕክምና፣ ሥነ ጽሑፍ። ሕክምናውን እስከ መጨረሻው ወዶት ኖሯል፤ ጓደኞቹ ሲታመሙ መድኃኒትና የምግብ ዓይነት ያዝላቸው ነበር። አርስቶትል ስለ ቁጣ ያስተማረው ለያዝነው ነገር ይበልጥ ይጠቅመናል። በሥነ ምግባር ጽሑፎቹ እንደምናነበው ቁጣን ጨርሶ ይጥፋ አይልም። ቁጣ የሌለው ሰው ሲሰድቡት ዝም የሚል ባሪያ ይመስላል ባይ ነው። መቆጣት ቀላል ነው፤ አስቸጋሪው መቆጣት በሚገባው ሰው ላይ፣ በሚገባው ልክ፣ በሚገባው ጊዜና በሚገባው ምክንያት መቆጣት ነው። ለተራ ተማሪ ይህ የፈተና ጥያቄ ነው። የአኪለስ ልጅ ነህ ለተባለ የ13 ዓመት ልጅ ግን የሕይወት ጉዳይ ነበር። የሚገርመው፣ ይኸው መምህር ያረመውን የኢሊያድ ቅጂም ሰጠው። እስክንድር ያንን መጽሐፍ ከጩቤው ጋር ትራሱ ሥር ያስቀምጥ ነበር። የቁጣን ልክ የሚያስተምረው ሰው የቁጣን ታላቅ መጽሐፍ አብሮ ሰጠው፤ ልጁ የትኛውን አብልጦ እንዳነበበ መገመት አያዳግትም።

ትምህርቱ ሦስት ዓመት ያህል ዘልቆ ተቋረጠ። በ340 ፊሊጶስ ቢዛንቲዮንን ሊከብብ ሲዘምት የ16 ዓመቱን ልጅ በመንበሩ ተክቶ፣ የመንግሥቱን ማኅተም አስረክቦት ሄደ። ሜዲ የተባሉ የትራቅያ ነገዶች ሲያምፁ ጎረምሳው ዘምቶ አሸነፋቸው፤ ከተማቸውን ይዞ ሌሎች ሰዎች አሰፈረባትና በገዛ ስሙ እስክንድሮፖሊስ አላት። በ16 ዓመት ከተማ በራስ ስም መሰየም! እኛ በዚያ ዕድሜ ስማችንን የምንጽፈው ዴስክ ላይ ነበር። ለአባቱ የነበረው ስሜትም ዝብርቅርቅ ነበር፤ ያደንቀዋል፣ ይቀናበታልም። ፊሊጶስ አንድ ከተማ ያዘ የሚል ወሬ በመጣ ቁጥር ለጓደኞቹ፣ አባቴ ሁሉንም ጨርሶ ለእኛ የሚሠራ ነገር ላያስቀር ነው እያለ ያማርር ነበር።

በ338 በካይሮኔያ ሜዳ ላይ መቄዶንያ የቴብስንና የአቴንስን ጥምር ጦር ገጠመች። የ18 ዓመቱ እስክንድር በግራ ክንፍ በኩል ነበር። ከፊቱ የቆመው ቅዱሱ ጭፍራ የሚባለው 300 ሰዎች ያሉት የቴብስ ምርጥ ጦር ሲሆን፣ መጀመሪያ የሰበረው እሱ እንደሆነ ይነገራል። ጭፍራው እዚያው አለቀ። ዛሬም በቦታው በድንጋይ የተቀረጸ አንበሳ አለ፤ በአጠገቡ በተደረገ ቁፋሮ የ254 ሰዎች አፅም ተገኝቷል። ከድሉ በኋላ የሞቱትን አቴናውያን አመድ ወደ አገራቸው ከሸኙት አንዱ እስክንድር ነበር። ፊሊጶስም በኦሎምፒያ፣ በአማልክቱ ቅዱስ ስፍራ ውስጥ ክብ ሕንፃ አስጀመረ፤ ውስጡ የራሱ፣ የወላጆቹ፣ የኦሎምፒያስና የእስክንድር ሐውልቶች እንዲቆሙበት ነው። ከዜውስ ቤተ መቅደስ አቅራቢያ ሐውልት የሚቆምለት ጎረምሳ ሰው ነኝ ብሎ ማሰብ ቢከብደው አይፈረድበትም።

ነገሩ የተበላሸው በሠርግ ላይ ነው። በ337 ፊሊጶስ በእናቱ ላይ ሌላ ሚስት አገባ፤ ክሊዮፓትራ የምትባል የመቄዶንያ ባላባት ልጅ። (በኋላ ከመጣችው ከግብፅዋ ንግሥት ጋር እንዳትምታታብን።) በግብዣው ላይ የሙሽራዋ አጎት አታሎስ ጠጅ ሞቅ ሲያደርገው፣ ከዚህ ጋብቻ ለመንግሥቱ እውነተኛ ወራሽ እንዲወለድ ጸልዩ ብሎ ተናገረ። ኤጲሮሳዊት እናት ላለችው ልጅ ስድቡ ግልጽ ነው። እስክንድር ታዲያ እኔ ዲቃላ ነኝ ወይ ብሎ ጮኸና ዋንጫውን ወረወረበት። ፊሊጶስ ሰይፉን መዝዞ ተነሣ፤ ወደ አታሎስ ግን አይደለም፣ ወደ ልጁ ነው። ስካርና ንዴት ተደምረውበት ተሰናክሎ ወደቀ። ልጁም የወደቀውን አባቱን እያሳየ፣ ከአውሮፓ ወደ እስያ ሊሻገር የሚዘጋጀው ሰው ከወንበር ወደ ወንበር መሻገር አቃተው ብሎ ተሳለቀበት። በማግስቱ እናቱን ይዞ ወጣ፤ እሷን ኤጲሮስ አድርሶ እሱ ወደ ኢሊርያ ሄደ።

ይህን ምሽት በደንብ ልንይዘው ይገባል። ጠጅ፣ ግብዣ፣ ስለ አባት የተወረወረ አንድ ቃል፣ የተወረወረ ዕቃ፣ የተመዘዘ መሣሪያ። ፊሊጶስ ስለወደቀ ማንም አልሞተም። ዘጠኝ ዓመት ቆይቶ ይኸው ምሽት በሌላ አገር ይደገማል፤ ያኔ የሚወድቅ አይኖርም።

የቆሮንቶሱ ዴማራቶስ አስታርቋቸው ልጁ ቢመለስም መተማመኑ አልተመለሰም። ፊሊጶስ ፕቶሌማዮስን፣ ኔያርኮስንና ሌሎች የልጁን የቅርብ ጓደኞች ከአገር አባረረ። በ336 ደግሞ በጥንቷ መናገሻ በኤጌ የእስክንድርን እኅት ሲድር ታላቅ ሰልፍ ተደረገ። የአሥራ ሁለቱ አማልክት ምስሎች ተሸክመው ሲገቡ አሥራ ሦስተኛው የፊሊጶስ የራሱ ምስል ነበር። ትንሽ ቆይቶ አሥራ ሦስተኛው አምላክ ወደ ቲያትሩ ሲገባ ጳውሳንያስ የተባለ የገዛ ዘቡ በስለት ወግቶ ገደለው። ኦሎምፒያስ ወይም እስክንድር እጃቸው ይኖርበታል የሚል ጥርጣሬ ያኔም ነበር፣ ዛሬም ምሁራን ይከራከሩበታል። እኔ እንደሚመስለኝ ጳውሳንያስ የግል በደሉ በቂ ምክንያት ነበረው። ያም ሆነ ይህ እስክንድር በ20 ዓመቱ ነገሠ። የአታሎስም ዕድሜ አጠረ፤ አዲሱ ንጉሥ አስገደለው።

የመጀመሪያው ትልቅ ፈተና በ335 መጣ። እስክንድር ኢሊርያ ውስጥ ሞተ የሚል ወሬ ተሰምቶ ቴብስ አመፀች። ሙት የተባለው ሰው በሁለት ሳምንት ውስጥ ከደጇ ደረሰ። የጥንት ጸሐፊዎች እንደሚሉት 6,000 ሰው ተገደለ፣ 30,000 ሰው ለባርነት ተሸጠ፣ ከተማዋ ከቤተ መቅደሶቿና ከገጣሚው ከፒንዳር ቤት በቀር ፈረሰች። ውሳኔው በወረቀት ላይ የአጋሮቹ ጉባኤ ቢሆንም ንጉሡ ሊያስቆመው ይችል ነበር። እንግዲህ አስቡት፤ ቴብስ ማለት የአያቱ የሄርኩለስ የትውልድ ከተማ ናት። የወይን አምላክ ዲዮኒሶስም ከቴባዊት እናት እንደተወለደ ይታመን ነበር። እስክንድር በኋላ ተጸጽቷል፤ ቴባዊ ሆኖ አንዳች ነገር ለምኖት የተከለከለ የለም ይባላል። በሕይወቱ ከደረሱበት ክፉ ነገሮች አንዳንዶቹንም ከዲዮኒሶስ ቁጣ ጋር ያያይዛቸው ነበር።

ቀጥሎ ያለውን ሁላችንም ስለምናውቀው ቶሎ ልለፈው። በ334 ወደ እስያ ተሻግሮ መጀመሪያ የሄደው ትሮይ ነው፤ የአኪለስን መቃብር አክብሮ ከአቴና ቤተ መቅደስ የጥንት የጦር ዕቃ ወሰደ። ከዚያ በግራኒኮስ ወንዝ ላይ አንድ የፋርስ መኮንን ከኋላው ሰይፍ ሲያነሣበት ጥቁሩ ክሊቶስ የሚባለው የፈረሰኞች አዛዥ ደርሶ የሰውየውን ክንድ ቆርጦ ጣለ። ክሊቶስ ቀድሞ የፊሊጶስ ወታደር ነበር፤ እኅቱ ላኒኬ ደግሞ እስክንድርን በሕፃንነቱ ያሳደገችው ሞግዚት ናት። ሁለት ዓመት ተኩል ያህል ቆይቶ በ331 መጀመሪያ እስክንድር የግብፅን በረሃ አቋርጦ በሲዋ ወደሚገኘው የአሞን መቅደስ ሄደ። ግሪኮች አሞንን ዜውስ ነው ይሉ ነበር። ካህኑ ልጄ ሊለው ፈልጎ ግሪክኛው ስላልሆነለት በአንድ ፊደል ስቶ የዜውስ ልጅ አለው የሚል ወሬ ፕሉታርክ ጽፏል። ስሕተትም ይሁን አይሁን የ24 ዓመቱ ንጉሥ የሰማው የፈለገውን ነው። ከዚያ ወዲያ የፊሊጶስ ልጅ መባል እያነሰበት፣ የአሞን ልጅ መባል እየጣመው ሄደ።

በ328 መከር ላይ ዛሬ ሳማርካንድ በምትባለው በማራካንዳ ግብዣ ነበር። መቄዶናውያን በዚያ ቀን ለዲዮኒሶስ መሠዋት ልማዳቸው ሲሆን እስክንድር ዘንድሮ ለሌሎች አማልክት ሠዋ። ጠጁ በዛ፤ አንዳንድ አሞካሾች ንጉሡን ከሄርኩለስ ጋር ያወዳድሩ ጀመር፣ የአባቱንም ሥራ አቃለሉ። ክሊቶስ ይህን መታገሥ አልቻለም። ድሉ የመቄዶንያ ወታደሮች ሁሉ እንጂ የአንድ ሰው አይደለም፣ ፊሊጶስን ክደህ የአሞን ልጅ የሆንከው በእነሱ ደም ነው አለው። ከዚያም በግራኒኮስ ያዳነችህ ይህች እጅ ናት ብሎ እጁን ዘረጋ። እስክንድር ከፊቱ ፖም አንሥቶ ወረወረበትና ሰይፉን ፈለገ፤ ከዘቦቹ አንዱ አስቀድሞ ሸሽጎት ነበር። ጥሩምባ ንፉ ብሎ አዘዘ፣ ጥሩምባ ነፊው እምቢ አለ። ጓደኞቹ ክሊቶስን እየገፉ አስወጡት። እሱ ግን በሌላ በር ተመልሶ ነገሥታትን የሚነቅፍ የኤውሪጲደስ ስንኝ እያሰማ ገባ። እስክንድር ከአንድ ዘብ ጦር ነጥቆ ወጋው። ክሊቶስ እዚያው ሞተ።

ቁጣው በዚያችው ቅጽበት በረደ። ጦሩን ነቅሎ ወደ ራሱ ሲያዞር ያዙት። ሦስት ቀን ሳይበላ ሳይጠጣ ድንኳኑ ውስጥ ተኝቶ አለቀሰ፤ የላኒኬን ስም እየጠራ፣ ልጆቿ ለእሱ ሲዋጉ ሞቱ፣ ወንድሟን ደግሞ በገዛ እጄ ገደልኩባት እያለ። ጓደኛን አጥቶ ድንኳን ውስጥ ወድቆ ማልቀስ አኪለስም አድርጎታል፤ ልዩነቱ የአኪለስን ጓደኛ የገደለው ጠላት መሆኑ ነው። አሪያን የተባለው ጸሐፊ በሥራው አዝኖ ጥፋቱን በማመኑ ግን ያመሰግነዋል። በዚህ ከአሪያን ጋር እስማማለሁ፤ ቢያንስ በዚያ ሦስት ቀን አምላክ ነኝ አላለም። ያሳዘነኝ ከዚያ የተከተለው ነው። አናክሳርኮስ የሚባል ፈላስፋ ገብቶ፣ ፍትሕ ከዜውስ ዙፋን አጠገብ የተቀመጠችው ዜውስ የሚያደርገው ሁሉ ፍትሕ ስለሆነ ነው፣ የንጉሥም ሥራ እንደዚያው ነው ብሎ አጽናናው። ሊሲማኮስ በልጅነቱ የጀመረውን ይኸኛው ጨረሰው ማለት ነው። በቀጣዩ ዓመት በ327፣ እንደ ፋርስ ልማድ ለንጉሡ መስገድን የተቃወመው የአርስቶትል ዘመድ ካሊስቴንስ በሤራ ተወንጅሎ ታሰረ፤ ከዚያ በሕይወት አልወጣም።

ሥጋው ግን የሰው ሥጋ መሆኑን አልካደም። አንድ ጊዜ ቀስት አቁስሎት ሲያቃስት አጠገቡ ላሉት፣ ይህ የሚፈሰው ደም ነው፣ በአማልክት ሥር ውስጥ የሚሄደው ዓይነት አይደለም ብሏቸዋል። ቡከፋሎስ በ326 ህንድ ውስጥ ሞተ፤ እስክንድርም በስሙ ከተማ ቆረቆረለት። በ324 ኦፒስ ላይ ወታደሮቹ ሲያምፁ፣ ሂድና ከአባትህ ከአሞን ጋር ዝመት እያሉ ቀለዱበት። በዚያው ዓመት የልጅነት ጓደኛው ሔፌስትዮን ሞተ። እስክንድርም በሰኔ 323 በባቢሎን ትኩሳት ይዞት አረፈ፤ 33 ዓመት ሊሞላው አንድ ወር ገደማ ቀርቶት ነበር።

ከሞተ በኋላ ከጄኔራሎቹ አንዱ የነበረው ሊሲማኮስ (ስሙ ከአስተማሪው ጋር ይመሳሰላል እንጂ ሌላ ሰው ነው) ያሳተማቸው ገንዘቦች ላይ እስክንድር የአሞን የበግ ቀንድ ጆሮው ላይ ተጠምዝዞ ይታያል። ባለ ሁለት ቀንዱ የሚለው ስም ከዚህ ምስል እንደመጣ ብዙ ምሁራን ያምናሉ። ስሙ በምሥራቅ አገሮች ሁሉ ተሰራጨ፤ የእስክንድር ገድልም በዐረብኛ በኩል አልፎ ወደ ግዕዝ ሲተረጎም አብሮ ወደ እኛ ገባ። ዋሊስ በጅ የተባለው እንግሊዛዊ የግዕዞቹን ጽሑፎች በ1896 ዓ.ም. (እንደ አውሮፓውያን) ለንደን ላይ ከእንግሊዝኛ ትርጉም ጋር አሳትሟቸዋል። የእኛ ደብተራዎች እጅ ሲገባ ሰውየው ተለውጧል። የዜውስ ልጅነቱን ትቶ በሥላሴ የሚያምን ንጉሥ ሆኗል፤ ይጸልያል፣ የሥጋ ፈቃዱንም ይገታል። የግዕዝ ኮርስ የወሰዳችሁ ተማሪዎች ከፕሉታርክ ጋር ጎን ለጎን ብታነቡት፣ በአንዱ ያለው ንዴተኛ ጎረምሳ በሌላው የት እንደገባ ስትፈልጉ ጥሩ የመመረቂያ ጽሑፍ ርእስ ታገኛላችሁ።